15.67፦ የዩሊማር ሮሃስ ሪከርድ በሴንቲሜትር ሲመረመር

የተከበራችሁ አሰልጣኞች፣ ውድ ዘላዮች፣ እንደምን አደራችሁ!

የዛሬ ርዕሳችን ቬንዙዌላዊቷ የሱሉስ ዝላይ የዓለም ባለሪከርድ ዩሊማር ሮሃስ ናት። ዓመተ ምሕረቱን በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የምጠራው። ሜዳሊያዎቿን ቶሎ ላንሳና ወደ እግሯ እንሂድ።

1.92 ሜትር የምትረዝመው ሮሃስ ስፖርቱን የጀመረችው በከፍታ ዝላይ ነው። በስፔን ከኩባዊው ኢቫን ፔድሮሶ ጋር መሠልጠን ከጀመረች በኋላ በ2016 በሪዮ ኦሊምፒክ ብር አገኘች። ከ2017 እስከ 2023 በተካሄዱት አራት የዓለም ሻምፒዮናዎች ወርቁን ለማንም አላስነካችም። በ2021 በቶኪዮ ኦሊምፒክ ደግሞ በመጨረሻው ሙከራዋ 15.67 ዘለለች፤ ኢኔሳ ክራቬትስ በ1995 ያስመዘገበችው 15.50 ያን ዕለት ተሻረ። በ2022 ቤልግሬድ ላይ፣ በቤት ውስጥ ውድድር፣ ሪከርዱን 15.74 አደረሰችው።

አሁን 15.67ን በሦስቱ ተከታታይ ዝላዮች እንበትነው። የመጀመሪያው ዝላይ 6.06፣ ሁለተኛው 3.82፣ ሦስተኛው 5.79 ነበር። ከጆናታን ኤድዋርድስ የ1995 የወንዶች ሪከርድ፣ ከ18.29፣ ጋር አስተያዩት፤ የእሱ 6.05፣ 5.22 እና 7.02 ነው። ልብ በሉ፣ በመጀመሪያው ዝላይ ሮሃስ በአንድ ሴንቲሜትር ትበልጠዋለች! በሁለተኛው ግን 1.40 ሜትር ታንሳለች። ሁለተኛው ዝላይ ብዙውን ጊዜ ከጠቅላላው ርቀት ከ28 እስከ 30 በመቶ ይይዛል፤ የእሷ 24 በመቶ ብቻ ነው። በእኛ እምነት ይህ ሪከርድ ቴክኒኩ ሳይሟላ የተሰበረ ነው፤ የጎደለውን የሞላው የሦስተኛው ዝላይ ጉልበቷ ነው።

ሁለተኛው ለምን ያጥራል? በአብዛኛው ጥፋቱ የመጀመሪያው ነው። ዘላዩ ከመነሻው ጣውላ ላይ ሽቅብ ከተነሳ ከከፍታ ይወርዳል፤ ጉልበቱ ይታጠፍና ፍጥነቱ እዚያው ይቀራል። ሌላው ስህተት እግርን ወደፊት ዘርግቶ በተረከዝ ማረፍ ነው፤ ይህ ፍሬን እንደመያዝ ነው። እግሩ በሙሉ መዳፉ፣ ወደ ኋላ እየጠረገ፣ ከሰውነት ብዙ ሳይርቅ ማረፍ አለበት።

ለማረም መንደርደሪያውን ወደ 6 ወይም 8 እርምጃ አሳጥሩ። ሁለተኛው ማረፊያ ላይ ቴፕ ለጥፉና በየሳምንቱ ጥቂት ሴንቲሜትር ብቻ አርቁት። ዓይናችሁን ጨፍናችሁም አድምጡ፦ ሦስቱ የእግር ድምፆች በተመጣጠነ ልዩነት መሰማት አለባቸው። ሦስተኛው በሁለተኛው ላይ ቶሎ ከደረበ፣ ሜትር ሳትዘረጉ መሐሉ እንዳጠረ ታውቃላችሁ። ቴፑ ላይ ለመድረስ ሲል ተረከዙን የሚወረውር ካለ ግን ቴፑን መልሳችሁ አቅርቡ።

ጭነቱንም አትናቁ። ሮሃስ በ2024 የአኪለስ ጅማቷ ተጎድቶ የፓሪስ ኦሊምፒክ አመለጣት፤ በ2025 በቶኪዮው የዓለም ሻምፒዮና በ14.76 ነሐስ ይዛ ተመለሰች። ከዘላያችሁ አንዱ ጠዋት ሲነሳ ተረከዙ አካባቢ ግትር ካለበት፣ የዚያን ቀን ዝላይ ሰርዙ።

ጥያቄዎቻችሁን አሸዋው ዳር እንቀበላለን፤ ቴፑ ተለጥፏል፣ ወደ ሜዳው እንውጣ።