ባለሱቁን ማን ይጫወተዋል?

እንዴት ዋላችሁ! ከገላንም ከቱሉ ዲምቱም ታክሲ እየቀያየራችሁ እዚህ ኮዬ ፈጬ ድረስ የመጣችሁ ሁሉ እግዜር ይስጥልን። ፊት ወንበር ላይ ያላችሁ እናቶች ደሞ ለልጆቻችሁ ልታጨበጭቡ እንጂ እኔን ልትሰሙ እንዳልመጣችሁ አውቃለሁ፣ አላስረዝምም።

ዛሬ የትወና ኮርሱን የጨረሳችሁት ልጆች ሁላችሁም ዋናውን ሚና ነው የምትፈልጉት፣ አይፈረድባችሁም፣ እኛም ቪዲዮ ቤት ታጭቀን ስናድግ የምናውቀው ህግ አንድ ነበር፣ አክተሩ አይሞትም። ሌላው እንደፈለገ ይሙት፣ ማን ዞሮ ያየዋል። እኔ ግን ዛሬ የማወራላችሁ ስለዛ ስለሚሞተው ሰውዬ ነው፣ ስሙ ዲክ ሚለር ይባላል። ስሙን አታውቁትም፣ ፊቱን ግን ሳታዩት አትቀሩም።

በፈረንጆች አቆጣጠር በ1928፣ በነሱ ገና ቀን ኒውዮርክ ብሮንክስ ተወለደ፣ በ2019 አረፈ። ካሊፎርኒያ የሄደው ደራሲ ልሁን ብሎ ነበር፣ በርካሽና በጥድፊያ ፊልም በመስራት የታወቀው ሮጀር ኮርማን ግን ደራሲ ሞልቶኛል የቸገረኝ ተዋናይ ነው አለው፣ በቃ ተዋናይ ሆነ። በ1955 በወጣው የመጀመሪያ ፊልሙ ቀይ ህንዳዊ ሆኖ ሰራ፣ ያንን ሲጨርስ ካውቦይም ሁን ተባለና እሱ እንደሚያወራው ያንኑ ህንዳዊ ሊገድሉ ከሚወጡት ሰዎች መሀል ተሰለፈ። እኛ ሀገር ብቻ መስሏችሁ ነበር አይደል አንድ ሰው ጠዋት ፖሊስ ከሰአት ሌባ የሚሆነው?

በ1959 ግን ዋና ሚና አገኘ፣ ኤ ባኬት ኦፍ ብለድ ላይ። ፊልሙ በ5 ቀን ነው የተቀረጸው፣ ባጀቱ 50 ሺህ ዶላር። አርቲስቶች የሚሰበሰቡበት ካፌ ውስጥ ሲኒ የሚያነሳ ልጅ ነው፣ እንደነሱ መሆን አምሮት ቤቱ ገብቶ የሰው ፊት ልቅረጽ ብሎ ጭቃውን ይዞ አፍንጫ ሁን! አፍንጫ ሁን! እያለ ይጮህበታል። ሌላ ተዋናይ ቢሆን እዛ ጋ ሊያስቀን ይንፈራገጥ ነበር፣ ሚለር ግን የምሩን ነው፣ ጭቃው እምቢ ያለው ሰው ነው፣ ሳትስቁ አትቀሩም ግን አንጀታችሁንም ይበላችኋል። በዓመቱ ኮርማን ዘ ሊትል ሾፕ ኦፍ ሆረርስ ላይ መሪውን ስራ ሲለው ካለፈው ጋር ይመሳሰላል ብሎ ተወው። የመረጠው ምን መሰላችሁ፣ አበባ ቤት ገብቶ የገዛውን አበባ እዛው ቆሞ የሚበላ ደንበኛ! በላውም፣ የምር አበባ ነው።

አሁን ሁላችሁም ወደምታውቁት ልምጣ፣ 1984፣ ተርሚኔተር። ሮቦቱን የሚሰራው አርኖልድ መሳሪያ ቤት ይገባል፣ ባንኮኒው ጋ ያለው ሚለር ነው። ትልቅ ገዢ ስለመጣለት ደስ ብሎታል፣ መሳሪያ የሚያውቅ ደንበኛ ነው ብሎ ያደንቀዋል፣ ዛሬማ በጊዜ ሳልዘጋ አልቀርም ይላል። ሮቦቱ ጥይት ሲያጎርስ እንኳን አይ እሱማ እዚህ አይቻልም ነው የሚለው፣ ደንበኛ ስርዓት ሲያጓድል እንደሚል ባለሱቅ። ከዛ ተገደለ። ሚለር ከመጀመሪያው ፈርቶ ቢሆን ኖሮ ትእይንቱ ይበላሽ ነበር፣ እኛን የሚያስፈራን የሱ አለመፍራት ነው።

እና እናንተ ዘበኛ ሁኑ ስትባሉ ለምንድነው ኮፍያ ብቻ አድርጋችሁ የምትመጡት? እኔ ብዙ ፊልም ላይ ዘበኛ ሆኛለሁ፣ ለቡ ያለ ቪላ፣ አያት ያለ ቪላ፣ በር መክፈት ነው ስራዬ። ግን ዘበኛ የጋሼን መኪና በጡሩምባው ነው የሚለየው፣ ጋቢውን ከትከሻው ሳያወርድ ነው መወርወሪያውን የሚስበው፣ እንግዳ ከሆነ ደሞ ትንሿን በር ገርበብ አድርጎ በአንድ አይኑ ነው የሚያየው። ይሄ ስክሪፕት ላይ አይጻፍም። ዳይሬክተሩ ቶሎ በል ይላችኋል፣ እሺ በሉትና በአንድ አይናችሁ እዩ።

ስለ ብር ደሞ አልዋሻችሁም። አንዱ ፕሮዲውሰር ፊልሙ ሲመረቅ እከፍልሃለሁ ብሎኝ ፊልሙ ተመርቆ፣ ከሲኒማ ወርዶ፣ ዩቲዩብ ላይ ተጭኖም ብሩ አልመጣም። በአፍ አትስማሙ፣ አንዲት ገጽም ብትሆን ውል ተፈራረሙ። ሊቆርጧችሁም ይችላሉ፣ ሚለር እንኳን በዛ እድሜው ፐልፕ ፊክሽን የሚባል ፊልም ላይ ሰርቶ ትእይንቱ ወጥቶበታል። በሌላ በኩል ደሞ ዳይሬክተሩ ጆ ዳንቴ ግሬምሊንስ የሚባል ፊልም ላይ የጎረቤት ሚና ሰጥቶት ነበር፣ ጎረቤትዬው መጀመሪያው ፊልም ላይ የሞተ መስሎን ነበር፣ በ1990 ሁለተኛው ሲሰራ ከነሚስቱ ተመለሰ! አክተሩ ብቻ አይደለማ የማይሞተው።

በሉ የ1959ኙን አሁን እናየዋለን፣ 66 ደቂቃ ናት፣ መብራት ካልሄደ ከመምሸቱ በፊት እንጨርሳለን። ስታዩ እጁን እዩልኝ፣ ሲኒውን እንዴት እንደሚያነሳ፣ ሲያልቅ እሱን ነው የምጠይቃችሁ። በር ጋ ያላችሁ መጋረጃውን ልቀቁልን።