መሰላሉን ማን ይይዛል?

እሺ... ዛሬ ስለ ሥራዬ ላወራ ነበር፣ አልሆነልኝም።

ደብረ ማርቆስ ነበርኩ፣ እነ አባባ ቤት። ግቢያችንን ታውቁታላችሁ፣ ዙሪያው ባህር ዛፍ ነው። ክረምት ላይ የጣሪያው አሸንዳ በቅጠል ይደፈናል። ውሃው በርሜሉን ትቶ በግድግዳው ይወርዳል። የጭቃ ግድግዳ ደግሞ ከሥሩ ከራሰ... በቃ።

ዝናቡ ጋብ ሲል አባባ አሸንዳውን ሊጠርጉ መሰላሉን አመጡ። አሸንዳው ላይ ሊያስደግፉት ሲሉ ወደ ግድግዳው አዞርነው። አሸንዳ ስስ ቆርቆሮ ነው፣ ሰው አይሸከምም። እግሩንም ራቅ አደረግኩት፤ 4 ሜትር ከፍታ ላይ ከተደገፈ እግሩ ከግድግዳው 1 ሜትር ያህል መራቅ አለበት። በጣም ከቀረበ ወደ ኋላ ይገለበጣል፣ በጣም ከራቀ ከሥር ይንሸራተታል። አባባ አይተው አይተው፣ "ምህንድስና ጀመርክ?" አሉኝ።

"እኔ ልውጣ፣ አባባ።"

"አንተ ከወጣህ መሰላሉን ማን ይይዛል?"

እዚህ ጋ ነው የቀረሁት። "እርስዎ ይይዙታላ" ልል ነበር። ከዚያ እጃቸውን አየሁት። ቀኝ እጃቸው መሰላሉ ላይ ነው፣ ግን አልጨበጠም። አውራ ጣታቸው ውጭ ቀርቷል። ጠዋት የሻይ ብርጭቆውን በሁለት እጅ ሲይዙ ብርዱ ነው ብዬ ነበር። እና አስበውበታል ማለት ነው? መያዝ ስለማይችሉ ነው መውጣት የፈለጉት? መውጣትም እኮ መያዝ ነው! መሰላል ላይ ቆመው ሲሠሩ ሁለት እግርና አንድ እጅ አይለቁም። በየትኛው እጅ? ወይ ደግሞ እኔ ነኝ የማካብደው።

ወጡ። ጥቁር የበሰበሰ ቅጠል እየዛቁ ባልዲ ውስጥ ይጥላሉ። ጥግ ላይ የመብራት ሽቦው ከምሰሶ ወደ ቤት ይገባል፣ ክንድ ቢዘረጉ ይደርሳል። "ሽቦው!" አልኩ። "አየሁት" አሉ፣ ተቆጥተው። እሱን ጥግ ሳይነኩት ወረዱ። በግራ እጃቸው ነበር የሚዝቁት፣ አሁን ሳስበው።

የሰፈር ልጅ በቀን ሂሳብ ይጥረገው ብላቸው፣ "ለቅጠል ብር?" ነው የሚሉት። ላዩ ላይ መረብ ይደረግበታል፣ ግን መረቡም ራሱ ቅጠል ይይዛል፣ መጠረጉ አይቀርም። ዝናቡ ደግሞ እስከ መስከረም ነው።

ትናንት ስለ እጃቸው ልጠይቃት ለእማዬ ደወልኩ። ስለ በርበሬ አውርተን ዘጋን። እሁድ ደግሜ... እሁድ ግን እሳቸውም ቤት ናቸው፣ ስልኩን የሚያነሱት እሳቸው ናቸው። እንጃ።