ጊዜን ከዜማ ቤት የተማረ ፒያኖ
(በፒያኖ ተማሪዎች የሙዚቃ ምሽት መክፈቻ ላይ የቀረበ ንግግር)

የተከበራችሁ መምህራን፣ ውድ ተማሪዎቻችን፣ ልጆቻችሁን ለመስማት ሥራችሁን ጥላችሁ የመጣችሁ ወላጆች፣ ክቡራን እንግዶች፤ እንደምን አመሻችሁ።

በዛሬው ምሽት የምትሰሙት የአንድ ደራሲ ሥራ ብቻ ነው። በ1916 ዓ.ም. አዲስ አበባ ውስጥ የውብዳር ገብሩ ተብለው የተወለዱት፣ ዓለም ኋላ እማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩ ብሎ ያወቃቸው፣ መጋቢት 17 ቀን 2015 ዓ.ም. በ99 ዓመታቸው ኢየሩሳሌም ላይ ያረፉት የፒያኖ ደራሲና ተጫዋች ሥራ ነው። ተማሪዎቹ ከመጀመራቸው በፊት ጥቂት እንድናገር ስጠየቅ፣ ስለ እማሆይ ሕይወት ብዙ እንደተባለ፣ ስለ ሙዚቃቸው አሠራር ግን የተባለው ከዚያ እጅግ እንደሚያንስ አሰብኩ። ስለዚህ በአንድ ነገር ላይ ልቆይ ወሰንኩ፤ እማሆይ በፒያኖ ላይ ጊዜን እንዴት እንደያዙት።

ነገሩ የገባኝ በማስተማር ላይ ሳለሁ ነው። ከጥቂት ወራት በፊት ዛሬ በመጨረሻ የምትሰሟት ተማሪ፣ በእንግሊዝኛ ስሙ «ቤት አልባው ተንከራታች» ማለት የሆነውን ሥራ አጥንታ መጣች። ምት የሚቆጥረውን መሣሪያ፣ ሜትሮኖሙን፣ ከፒያኖው ላይ አስቀምጣ፣ ምቱን አስተካክላ ጀመረች። አንድም ጣት አልሳተችም። ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው በኖታው ላይ ያለው ሁሉ ነበር፤ እማሆይ ግን አልነበሩበትም። ልጅቷም ይህን ከእኔ በፊት አውቃዋለች፤ እጇን ከቁልፎቹ ላይ አንሥታ ዝም ብላ ታየኛለች። ሜትሮኖሙን አጠፋሁና «አትጫወቺው፤ በአፍሽ አዚሚልኝ» አልኳት። አፍራ፣ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ አዜመችው። በሁለተኛው ሐረግ ላይ ትንፋሽ አጥሯት ቆም አለች፤ ከዚያም የሚቀጥለውን ድምፅ በቀጥታ አልያዘችውም፤ ከበላዩ በፍጥነት ነካ ነካ አድርጋ ወረደችበት። ኖታው ላይ በትንንሽ ፊደል የተጻፉት ጌጦች ምን እንደሆኑ ያን ጊዜ ለሁለታችንም ግልጽ ሆነ። ለጌጥ የገቡ አይደሉም፤ ዜመኛ ድምፁን የሚያነሣበትና የሚያሳርፍበት መንገድ ናቸው።

ይህን ለመረዳት ፒያኖ ምን ዓይነት መሣሪያ እንደሆነ ማሰብ ያስፈልጋል። ክራር የሚመታ ሰው ክሩን አጥብቆም አላልቶም ቅኝቱን በጆሮው ያገኛል፤ ማሲንቆ የሚገዘግዝ ሰው ጣቱን በጭራው ላይ አንሸራቶ በሁለት ድምፆች መካከል ያለውን ሁሉ ያስሰማል፤ ዋሽንት ነፊውም በትንፋሹና በጣቱ እንዲሁ ያደርጋል። ፒያኖ ግን 88 ቁልፎች አሉት፤ እያንዳንዱም አስቀድሞ ተቃኝቶ የተቆለፈ ነው። በአንድ ነጭና በአጠገቡ ባለው ጥቁር ቁልፍ መካከል የሚገባ ድምፅ የለም። የእኛ ዜማ ደግሞ ብዙ ነገሩ የሚገኘው እዚያው መካከል ላይ ነው። ትዝታን፣ ባቲን፣ አምባሰልን፣ አንቺሆዬን በፒያኖ መጫወት ይቻላል፤ አምስቱ ድምፆች ይገኛሉ። የሚጠፋው ከአንዱ ወደ ሌላው የሚወስደው መንገድ ነው፤ ለእኔ ከሁሉም የሚያሳዝነው እሱ ነው።

ለዚህ ችግር ልዩ ልዩ ሰዎች ልዩ ልዩ መፍትሔ ሰጥተውታል። የያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤት የመጀመሪያው ኃላፊ የነበሩት ሊቅ አሸናፊ ከበደ፣ ከፍሉት፣ ከክላሪኔትና ከቫዮሊን ጋር የጃፓኑን ኮቶ አጣምረው «ኮቱራሲያ»ን ደርሰዋል፤ ኮቶ ክር በመጫን ድምፅን ማጠፍ የሚቻልበት መሣሪያ ስለሆነ፣ ፒያኖ የሚነፍገንን ሌላ የምሥራቅ ወንድም ሰጥቶናል ማለት ነው። ግርማ ይፍራሸዋ ደግሞ ቡልጋሪያ ሶፊያ ተምረው ተመልሰው፣ አምባሰልን በሙሉ የፒያኖ ቴክኒክ፣ በሁለቱም እጅ ስፋት አሰምተውናል። እማሆይ የመረጡት ሦስተኛውን መንገድ ነው። ድምፁን ማጠፍ ካልተቻለ ጊዜውን አጠፉት።

ይህን ከየት አገኙት? የሕይወታቸውን ታሪክ የማነሣው ለዚህ ጥያቄ ያህል ብቻ ነው። አባታቸው ከንቲባ ገብሩ ደስታ በውጭ ሀገር የተማሩ ሰው ነበሩ፤ እማሆይን በስድስት ዓመታቸው ከእኅታቸው ከስንዱ ገብሩ ጋር ወደ ስዊዘርላንድ አዳሪ ትምህርት ቤት ላኳቸው። ቫዮሊንና ፒያኖ የጀመሩት እዚያ ነው። በጣሊያን ወረራ ዘመን ቤተሰቡ ተግዞ መጀመሪያ በአሲናራ ደሴት፣ ቀጥሎም በኔፕልስ አጠገብ በምትገኘው መርኮሊያኖ ታሰረ። ከዚያ በኋላ ካይሮ ሄደው ከፖላንዳዊው የቫዮሊን መምህር ከአሌክሳንደር ኮንቶሮቪች ዘንድ በቀን ዘጠኝ ሰዓት ያህል ይለማመዱ ነበር። ተማሪዎቻችን ይህን ቁጥር እንዲይዙልኝ እፈልጋለሁ፤ የእማሆይ ፒያኖ ዘና ብሎ ሲሄድ ስትሰሙ፣ ቴክኒክ ያልተማረ እጅ አድርጎት የመጣ እንዳይመስላችሁ። ቀጥ ያለውን ምት እንደ ማንኛውም የአውሮፓ ተማሪ በሚገባ ያውቁት ነበር። የተዉት አውቀውት ነው።

በኋላም ለንደን ሄደው ሊማሩ የነበረው ዕድል ተከለከለና ምግብ ትተው እስከ ሞት አፋፍ ደረሱ፤ ሥጋ ወደሙ ተቀብለው ከተነሡ በኋላ ግን ሙዚቃውን እርግፍ አድርገው ትተው ግሸን ማርያም ገቡ፤ መነኮሱ፤ ወደ 10 ዓመት ያህልም ያለ ጫማ በባዶ እግራቸው ኖሩ። የዚያ ደጋ ብርድና ድንጋይ በባዶ እግር ምን እንደሆነ የሄደበት ያውቀዋል። በእነዚያ ዓመታት ፒያኖ አልነበረም። የነበረው ጸሎትና ዜማ ነው።

ከዚያም ጎንደር ሄደው የቅዱስ ያሬድን ዜማ አጠኑ። እኔ የእማሆይን ሙዚቃ ቁልፍ የማገኘው እዚህ ላይ ነው። ግዕዝ፣ ዕዝልና አራራይ ብለን የምናውቃቸው ሦስቱ የዜማ ስልቶች የሚጻፉባቸውን ምልክቶች አስቡ፤ ድፋት፣ ቅናት፣ ይዘት፣ ጭረት፣ ሂደት፣ ርክርክ፣ ደረት፣ ቁርጥ። የአውሮፓው ኖታ «ይህ ድምፅ ነው፤ ይህን ያህል ምት ይቆያል» ይላል። የእኛ ሊቃውንት ምልክት የሚናገረው ግን ድምፁ ምን እንደሚያደርግ ነው፤ ይያዛል፣ ይሄዳል፣ ይርገበገባል፣ ይቆረጣል። ምን ያህል ይያዛል ብሎ የጠየቀ ደቀ መዝሙር መልሱን የሚያገኘው ከመምህሩ አፍ ነው። መምህሩም የሚለካው በቃሉ ክብደትና በትንፋሹ ልክ ነው። የቅዱስ ያሬድ የዜማ መጽሐፍ ድጓ ሲዜም የሰማ ሰው፣ አንድ ፊደል ላይ ዜማው ለረጅም ጊዜ ሲያንዣብብ፣ ከዚያ ሦስት አራት ቃል በአንድ ጊዜ ሲፈስ ያውቀዋል። የእማሆይ ቀኝ እጅ የሚሄደው ልክ እንዲህ ነው። ይዘት አለው፤ ርክርክ አለው፤ ቁርጥ አለው። ግራ እጃቸው በለሆሳስ እየተመላለሰ ወለሉን ይዞ ይጠብቃል፤ ቀኝ እጃቸው ዘግይቶ ይመጣል፣ ቀድሞ ይሄዳል፣ አንዳንዴም በአየር ላይ ይቀራል። ይህ የእኔ አሰማም ነው፤ የማይስማማ ባልደረባ ካለ ከዝግጅቱ በኋላ ፒያኖው አጠገብ ብንነጋገርበት ደስ ይለኛል።

በውጭ ሀገር ይህን የሰሙ ብዙዎች ጃዝ ወይም ብሉዝ ብለውታል። አልቆጣም፤ ሰው የማያውቀውን በሚያውቀው ይሰይማል፤ አምስት ድምፅና የሚዘገይ ቀኝ እጅ የሰማ ጆሮም እዚያ ቢደርስ አይፈረድበትም። የሚያሳዝነኝ እኛም ስሙን ከእነርሱ ተቀብለን ማስተጋባታችን ነው። የፒያኖ ደራሲው ሾፓን በቀኝ እጁ ጊዜን ሲሰርቅ ተማሪዎቻችን የጣሊያንኛውን ቃል ሩባቶን ያጠናሉ፤ ይህ ደግ ነው፤ ግን ርክርክና ይዘት የሚሉትን ቃላት በፒያኖ ክፍል ውስጥ ስትሰሙ ስንት ጊዜ ነው? እኔ ራሴ ለብዙ ዓመታት ሳስተምር አንድም ቀን አልተናገርኳቸውም። ይህን የምለው በጸጸት ነው።

ጎንደር ላይ ያዩት ሌላ ነገርም አለ። የቆሎ ተማሪዎች ለምነው በልተው፣ በቤተ ክርስቲያን አጥር ሥር በብርድ አድረው፣ ጠዋት ወደ ጉባኤ ቤት ሲመለሱ አዩ። እማሆይ የሚሰጡት ገንዘብ አልነበራቸውም፤ ያላቸው ሙዚቃ ብቻ ነበር። ስለዚህ ለብዙ ዓመት የተዉትን ፒያኖ እንደገና ከፈቱ። እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ ጀርመን ሀገር ሸክላ አስቀረጹ፤ ገቢውንም ለወላጅ አጥ ልጆች መርጃ አዋሉት። ቤት የሌለው ተንከራታች የሚለውን ርእስ ስትሰሙ፣ እነዚያን ደበሎ ለብሰው አኩፋዳ ያነገቱ ልጆች አስቡልኝ።

እ.ኤ.አ. በ1984 ኢየሩሳሌም ወደሚገኘው ደብረ ገነት ገዳማችን ሄዱና እስከ ዕረፍታቸው በዚያ ኖሩ፤ በትንሽ ክፍል፣ ከአልጋቸው አጠገብ ፒያኖ ይዘው። ዓለም በብዛት የሰማቸው እ.ኤ.አ. በ2006 ፍራንሲስ ፋልሴቶ ባዘጋጀው «ኢትዮጲክስ» በተባለው የኢትዮጵያ ሙዚቃ ተከታታይ 21ኛው ሲዲ ሆኖ ሥራቸው ሲወጣ ነው። ከዚያ በኋላ የሆነው ግን ለእኛ ለመምህራን ይበልጥ ይጠቅማል። እስራኤላዊቷ ፒያኒስት ማያ ዱኒየትስ ወደ እማሆይ ስትሄድ፣ እሳቸው በእጃቸው የጻፏቸውን በመቶዎች የሚቆጠሩ የኖታ ገጾች በላስቲክ ከረጢት ሞልተው ሰጧት። እ.ኤ.አ. በ2013 ከእነዚያ ገጾች የተመረጡት ታትመው ወጡ፤ በዚያው ዓመትም ኢየሩሳሌም ላይ ሥራዎቻቸው በመድረክ ተሰሙ።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቁም። በእጅ የተጻፈ ኖታ፣ በመቶዎች የሚቆጠር። እማሆይ የልባቸውን በፒያኖ እያንጎራጎሩ ያለፉ ሰው አድርገን ስናወራ፣ በእርሳስና በብዕር ተቀምጠው እያንዳንዷን ጌጥ የጻፈችውን እጅ እንረሳለን። የሚጻፈው ሌላ ሰው እንዲጫወተው ነው። ያ ሌላ ሰው ማን እንዲሆን ተመኝተው እንደነበር እኔ መናገር አልችልም፤ ያ ከረጢት የተከፈተው ግን ከሀገራችን ርቆ ነው። እኛም ሥራቸውን ያወቅነው ከሩቅ በመጣ ሲዲና በስልካችን ላይ ነው።

ካረፉ በኋላ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2024 ሌላ ስጦታ ደረሰን። እ.ኤ.አ. ከ1977 እስከ 1985 ባለው ጊዜ ውስጥ በቤታቸው በካሴት የቀዷቸው፣ በራሳቸው ድምፅ በአማርኛ የዘፈኗቸው ዘፈኖች በሸክላ ታተሙ። ስለ ደመና፣ ስለ ሀገር፣ ስለ መለየት ነው የሚያዜሙት። ድምፃቸው ቀጭንና ለስላሳ ነው፤ ለመድረክ የተቀዳ አይደለም። ለእኛ ለፒያኖ ሰዎች ግን ከዚህ የሚበልጥ መምህር የለም። ቃሉ የሚረዝምበት ቦታ፣ ትንፋሻቸው የሚያልቅበት ቦታ፣ ከዚያም ጣታቸው የሚከተልበት ቦታ አንድ ላይ ይሰማል። ያቺ ተማሪዬ አፍራ ያዜመችልኝ ዕለት ያገኘነውን ነገር፣ እሳቸው ራሳቸው በቤታቸው ካሴት ላይ አስቀምጠውልን ኖሯል።

ስለዚህ እናንተን የሙዚቃ መምህራን አንድ ነገር እለምናለሁ። የእማሆይ ኖታ በየክፍላችን ከባክና ከሾፓን ጎን ይቀመጥ፤ በዓመቱ ፈተና ላይም ይጠየቅ። ሲጠናም የዜማ ዐዋቂ፣ የጉባኤ ቤት ሰው፣ አንድ ቀን እንኳ ወደ ፒያኖ ክፍል ተጋብዞ ርክርክን በድምፁ ያሳየን። እኔ በዚህ ወር ሞክሬዋለሁ። የመጡት መሪጌታ ፒያኖ ነክተው አያውቁም ነበር፤ ልጅቷ ስትጫወት ዓይናቸውን ጨፍነው ሰሟትና አንድ ቦታ ላይ እጃቸውን አንሥተው «እዚህ ጋ ቸኮልሽ፤ ቃሉ አላለቀም» አሏት። በሥራው ላይ ቃል የለም። ቢሆንም ትክክል ነበሩ፤ እሷም ደግማ ስትጫወተው ለክፍሉ ሁሉ ተሰማ።

አሁን ወደ መድረክ ትወጣለች። ሜትሮኖም የለም፤ ኖታውንም ዘግታ ነው የምትጫወተው። በመካከል ያለቀ የሚመስል ዝምታ ትሰማላችሁ፤ ከአንድ ጊዜም በላይ። አላለቀምና እባካችሁ እጃችሁን ያዙልን፤ እሷ ትንፋሽ እየወሰደች ነው።

አመሰግናለሁ።