ስለ ፕሬዳ ጣቢያና ስለ አንድ ሜትሩ ሐዲድ፦ በድሬዳዋ የተደረገ ንግግር

የተከበራችሁ የምድር ባቡር አባቶችና እናቶች፣ የሙያ ባልደረቦች፣ የምህንድስና ተማሪዎች፣ ጥሪውን አክብራችሁ የመጣችሁ እንግዶች ሁሉ፤ እንደምን አመሻችሁ።

የዛሬው ንግግሬ ፕሬዳ ስለምትባል አንዲት ትንሽ የባቡር ጣቢያ ነው። ፕሬዳ የምትገኘው በስዊዘርላንድ፣ ግራውቡንደን በሚባል ካንቶን (የራሱ መንግሥት ባለው ክልል) ውስጥ፣ ከባሕር ወለል በላይ 1789 ሜትር ከፍታ ላይ ነው። ዙሪያዋን ተራራና ደን ከብቧታል፤ አጠገቧ ያሉት ቤቶችም ጥቂቶች ናቸው። ይሁን እንጂ በኩርና በሳንክት ሞሪትዝ ከተሞች መካከል የሚመላለሰው ባቡር በየሰዓቱ ይቆምላታል። ይህ እንዴት ሊሆን ቻለ? ብዙዎች የጣቢያ ዕድሜ የሚረዝመው ግንቡ ሲያምር ወይም ታሪኩ ሲገን ይመስላቸዋል። እኔ ግን ትንሽ ጣቢያ በሕይወት የሚኖረው ባቡሩ በተባለው ደቂቃ መጥቶ እንዲቆም የሚያደርግ አሠራር ሲኖርና ለዚያ አሠራር ወጪውን የሚሸፍን ሕዝብ ሲኖር ነው ብዬ አምናለሁ። ዛሬ ለማስረዳት የምሞክረውም ይህንኑ ነው። የምጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን በቅድሚያ አሳስባለሁ።

ይህን ነገር ድሬዳዋ ላይ ለመናገር የፈለግሁበት ምክንያት አለኝ። እናንተ ስትጠግኑት፣ ስትነዱበትና ትኬት ስትቆርጡበት የኖራችሁት ሐዲድ ስፋቱ አንድ ሜትር ነው፤ የፕሬዳም ሐዲድ እንዲሁ አንድ ሜትር ነው። በ1894 ከዳግማዊ ምኒልክ ለጅቡቲው መስመር የሥራ ፈቃድ የተቀበሉት ሙሴ አልፍሬድ ኢልግ፣ ፍራውንፌልድ በምትባል የስዊዘርላንድ ከተማ የተወለዱ መሐንዲስ ነበሩ። ሐዲዱ በ1902 እዚህ ደርሶ ድሬዳዋ ስትቆረቆር፣ በዚያው ዓመት ሜይ 29 ቀን ደግሞ ተራራውን ከፕሬዳ በኩልና ሽፒናስ ከሚባለው ከማዶው በኩል ሲቦረቡሩ የነበሩ ሠራተኞች ከምድር በታች ተገናኙ። ሙሴ ኢልግ በፕሬዳው መስመር ሥራ እጃቸው የለበትም፤ ሁለቱን መስመሮች ያስተሳሰረ ውልም አልነበረም። ዝምድናቸው በዘመንና በሐዲድ ስፋት ነው፤ ይህ ምን ማለት እንደሆነ ደግሞ በዚህ አዳራሽ ውስጥ ላለ የባቡር ሰው ማስረዳት አያስፈልገኝም።

ጠባብ ሐዲድ ለተራራ አገር የተመረጠበትን ምክንያት ለተማሪዎቹ ስል ጥቂት ላብራራ። ከፕሬዳ በታች ያለው መንደር ቤርጉን ይባላል፤ ከፍታው 1373 ሜትር ነው። በሁለቱ መካከል ያለው የከፍታ ልዩነት 416 ሜትር ሲሆን፣ በቀጥታ ቢለካ ርቀታቸው ስድስት ተኩል ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ሐዲዱ በቀጥታ ቢዘረጋ ኖሮ በየሺህ ሜትሩ ወደ 64 ሜትር መውጣት ነበረበት። የመስመሩ መሐንዲሶች ደግሞ ሎኮሞቲቩ ያለ ጥርስ ሐዲድ፣ ማለትም መሐል ላይ የማርሽ ጥርስ የሚነክሰው ሐዲድ ሳይኖር፣ በመንኮራኩሩና በሐዲዱ ሰበቃ ብቻ እንዲወጣ ስለ ፈለጉ፣ በየሺህ ሜትሩ ከ35 ሜትር በላይ እንዳይወጣ ወስነው ነበር። 416ን በዚህ ልክ ስታካፍሉት 12 ኪሎ ሜትር ገደማ ይመጣል። ስለዚህ ስድስት ተኩል ኪሎ ሜትር በሆነ ሸለቆ ውስጥ 12 ኪሎ ሜትር የሚሆን ሐዲድ መጠቅለል ግድ ሆነ። ሐዲዱ ሩግኑክስ፣ ቱዋና ዙዖንድራ በተባሉ ሦስት ዋሻዎች ውስጥ በተራራው ሆድ እየዞረ ከራሱ በላይ ይወጣል፤ የአልቡላን ወንዝ ደጋግሞ በድንጋይ ድልድይ ይሻገራል፤ መንገደኛውም የቤርጉንን ቤተ ክርስቲያን አንዴ በቀኝ፣ አንዴ በግራ፣ በየጊዜውም ከበለጠ ከፍታ ያየዋል። እንዲህ ያለውን ጠባብ ኩርባ በሰፊ ሐዲድ ለመሥራት ቢታሰብ ዋሻው ይረዝም፣ ድልድዩ ይገዝፍ፣ ወጪውም ከዚያ ድሀ የተራራ ካንቶን አቅም በላይ ይሆን ነበር። ጠባቡ ሐዲድ መስመሩን የሚቻል አደረገው።

ፕሬዳ ዝናዋን ያገኘችው ከዋሻው ነው። ከ1898 ጀምሮ ይህ የፕሬዳ መስመር፣ በወንዙ ስም የአልቡላ መስመር የሚባለው፣ ሲሠራ፣ 5865 ሜትር ርዝመት ያለው ዋና ዋሻ በሰሜን በኩል የሚጀምረው እዚህ ስለ ነበር፣ በብዛት ከኢጣልያ የመጡ ሠራተኞች በዚህ ብርዳም ሥፍራ ሰፈሩ። ከፕሬዳ በኩል የገቡት ቆፋሪዎች ጥቂት እንደ ሄዱ በውኃ የራሰና እንደ አሸዋ የሚፈርስ ድንጋይ ገጠማቸው፤ የቆፈሩት ይደረመስባቸው፣ የደገፉት ይገፋባቸው ጀመር። የሥራ ተቋራጩ መቀጠል ስላልቻለ የባቡር ኩባንያው ሥራውን ራሱ ተረክቦ ጨረሰው። በዚህ ሥራ ላይ ሕይወታቸውን ያጡ ሠራተኞች አሉ። ስለዚህ መስመር ሲወራ የድልድዮቹ ውበት እየተነሣ እነርሱ ሳይጠሩ የሚታለፉበት ጊዜ ብዙ በመሆኑ፣ እኔ በበኩሌ እንዲህ ባለ ስብሰባ ፊት ሳላነሣቸው ማለፍ አልወድም። መስመሩ በ1903 እስከ ቸለሪና፣ በ1904 ደግሞ እስከ ሳንክት ሞሪትዝ ተከፈተ።

በዚያን ጊዜ ጣቢያ ለተራራ ሰው ምን እንደ ነበር ለመገመት አንድ ነገር ማወቅ ይበቃል። የግራውቡንደን ካንቶን ከ1900 እስከ 1925 ድረስ መኪና በመንገዶቹ ላይ እንዳይነዳ ከልክሎ ነበር፤ ክልከላው የተነሣውም በሕዝብ ድምፅ ነው። ለሃያ አምስት ዓመታት ሐኪሙም፣ ደብዳቤውም፣ ዱቄቱም፣ እንግዳውም የሚመጣው በእግር፣ በእንስሳ ጉልበት አለዚያም በባቡር ነበር። ሎኮሞቲቮቹ መጀመሪያ በከሰል ይሠሩ ነበር። አገሪቱ የራሷ ከሰል ስላልነበራትና በአንደኛው የዓለም ጦርነት ከሰል እየጠፋ ስለ መጣ፣ መስመሩ በ1919 በኤሌክትሪክ እንዲሠራ ተደረገ። የጎደላትን ከሰል በተራራዋ ውኃ ኃይል ተካችው።

ከዚያ በኋላ መኪና መጣ፣ መንገድም ተሠራ። በሌላ አገር ቢሆን የትንሿ ጣቢያ ታሪክ እዚህ ላይ ባበቃ ነበር። ፕሬዳን ያተረፋት ምንድን ነው?

ከሁሉ በፊት መስመሩ አንድ ሐዲድ ብቻ ያለው መሆኑን ልብ በሉ። አንዱ ባቡር ወደ ላይ ሲወጣ ሌላው ወደ ታች የሚወርድ ከሆነ፣ የሆነ ቦታ ላይ አንዱ ለሌላው መንገድ መልቀቅ አለበት። የቀድሞ የጣቢያ ኃላፊዎቻችን ስልክ ይዘው፣ መዝገብ ገልጠው፣ ባቡሩ ከቀጣዩ ጣቢያ መነሣቱን ሳያረጋግጡ እንደማያሳልፉ እዚህ ያለን ሁሉ እናውቃለን። ፕሬዳም ከረጅሙ ዋሻ አፍ ላይ የምትገኝ የመተላለፊያ ጣቢያ ናት። ስለዚህ መንገደኛ ወረደም አልወረደም፣ ያለ እርሷ የመስመሩ ሥራ ይስተጓጎላል። ዛሬ ምልክቶቹና የሐዲድ መቀየሪያዎቹ የሚታዘዙት ከሩቅ፣ ላንድኳርት ከሚገኘው የመቆጣጠሪያ ማዕከል ነው። ሰው ከጣቢያው ቢነሣም ሥራው እንዳለ ቀጥሏል።

ሁለተኛው ጉዳይ የሰዓት ሠንጠረዡ ነው፤ በእኔ ግምት የነገሩ ሁሉ እምብርት ይህ ነው። ስዊዘርላንድ በ1982 ባቡሮቿ በመላ አገሪቱ በየሰዓቱ በተመሳሳይ ደቂቃ እንዲነሡ ደነገገች። ባቡሩ ከአንድ ጣቢያ ሁለት ሰዓት ከአሥር ላይ ከተነሣ፣ የሚቀጥለው ሦስት ሰዓት ከአሥር፣ ከዚያም አራት ሰዓት ከአሥር ይነሣል ማለት ነው። መንደርተኛው ሠንጠረዥ መግለጥ አያስፈልገውም፤ ደቂቃዋን አንዴ ካወቀ ዓመቱን ሙሉ ያውቃታል። በዚህ ላይ ባቡሮቹ በትልልቆቹ ጣቢያዎች በተቀራረበ ደቂቃ እንዲገናኙ ተደርጎ ስለ ተቀናበረ፣ ከፕሬዳ የተሳፈረ ሰው ኩር ላይ ወርዶ የዙሪክን ባቡር ለረጅም ጊዜ ሳይጠብቅ ይይዛል። ስለዚህ የፕሬዳ ፌርማታ ዋጋ እዚያ በሚወርዱት ሰዎች ቁጥር ብቻ ሊለካ አይችልም፤ ፌርማታው የመላው አገር መረብ አንድ ዐይን ነው። በቀን አንዴ ብቻ፣ ያም በማይታወቅ ሰዓት የሚመጣ ባቡር ግን ጣቢያውን ከመዘጋቱ በፊት ይገድለዋል። ሰው በማይተማመንበት ነገር ላይ ኑሮውን አይመሠርትም።

ወጪውን በተመለከተ በግልጽ ልናገር። እንዲህ ያለው የተራራ ባቡር በትኬት ገቢ ብቻ ራሱን አይችልም። የሬቲያ ምድር ባቡር የሚባለው ባለቤት ኩባንያ ከግማሽ በላይ ድርሻው የካንቶኑ ነው፤ ከቀረው ትልቁን ድርሻ የያዘው የፌዴራል መንግሥቱ ነው። መንግሥታቱ በዓመት ይህን ያህል ባቡር፣ በዚህ ሰዓት፣ እነዚህ ጣቢያዎች ላይ ይቁምልን ብለው አስቀድመው ያዝዛሉ፤ ከትኬት የማይሸፈነውን ወጪም አስቀድመው ተስማምተው ይከፍላሉ። ኪሳራው በዓመቱ መጨረሻ በድንገት የሚገኝ ጉድለት እንዳይሆን፣ ከመነሻው የታወቀ የአገልግሎት ዋጋ እንዲሆን አድርገውታል። ይህን አሠራር ከድልድዮቹ ሁሉ ይልቅ አደንቀዋለሁ።

ክረምት ሲገባ ደግሞ የጣቢያዋ መልክ ይለወጣል። ከቤርጉን ወደ ፕሬዳ የሚወስደው የመኪና መንገድ በበረዶ ምክንያት ይዘጋና ስድስት ኪሎ ሜትር የሚሆን የበረዶ ሸርተቴ ሜዳ ይሆናል። ቤተሰቦች ሸርተቴያቸውን ይዘው ከቤርጉን በባቡር ይወጣሉ፣ ፕሬዳ ላይ ይወርዳሉ፣ ከዚያ በመንገዱ ላይ እየተንሸራተቱ ተመልሰው ቤርጉን ይደርሳሉ፤ ከዚያም እንደገና ባቡር ይሳፈራሉ። መንገዱ ማታ በመብራት ስለሚደምቅ ይህ እስከ ምሽት ይቀጥላል። በበጋ ደግሞ ፓልፑኦኛ ወደሚባለው ሐይቅ የሚሄዱ እግረኞች ይወርዱባታል። የመኪናው መንገድ በመዘጋቱ የሚገኘውን ጥቅም ባቡሩ አስቦበት ወስዶታል፤ ይህ የአጋጣሚ ጉዳይ አይደለም፣ ባቡሩ ቀድሞውኑ በየሰዓቱ ይመጣ ስለ ነበር የተቻለ ነው።

አሁን ወደ ጥገና ልምጣ፤ የጥገና ሰዎች እዚህ በብዛት እንዳሉ ስለማውቅ ጥቂት ልቆይበት። በ2006 አሮጌው ዋሻ በጥልቀት ሲመረመር ከግማሽ በላይ የሚሆነው ክፍሉ በክፉ ሁኔታ ላይ እንዳለ ታወቀ። ከዚያ በኋላ ሁለት መንገዶች ተነጻጸሩ። አንደኛው አሮጌውን በየሌሊቱ እየዘጉ ለዓመታት መጠገን ሲሆን፣ ሌላው ሠላሳ ሜትር ያህል ፈቀቅ ብሎ አዲስ ዋሻ መቆፈር ነበር። የተመረጠው ሁለተኛው ነው። ሥራው በ2014 ተጀምሮ፣ ዋሻው በ2018 ከዳር እስከ ዳር ተበስቶ፣ በ2024 ባቡር አለፈበት፤ ርዝመቱም 5860 ሜትር ነው። ያ አባቶቻቸውን ያስቸገረ የራሰ ድንጋይ ለአዲሱም ዋሻ ጠላት ሆኖ ስለ ነበር፣ መሐንዲሶቹ መሬቱን በቱቦ አቀዝቅዘው አጠንክረው፣ ውኃውን ወደ በረዶ ለውጠው ቆፈሩት። አሮጌው ዋሻ አልተጣለም፤ በ12 መሸጋገሪያዎች ከአዲሱ ጋር ተገናኝቶ በአደጋ ጊዜ ሰው የሚወጣበት የደኅንነት ዋሻ ይሆናል። በእኔ ዐይን ትልቁ ነገር ግን ሌላ ነው፤ በእነዚያ የግንባታ ዓመታት ሁሉ ባቡሩ በአሮጌው ዋሻ መመላለሱን አላቋረጠም። የፕሬዳ ጣቢያም በዚሁ አጋጣሚ ታድሳ፣ አቅመ ደካሞችና ተሽከርካሪ ወንበር የሚጠቀሙ ሰዎች ያለ ደረጃ የሚሳፈሩበት መሳፈሪያ አግኝታለች።

ሌላም ላንሣ። በኦክቶበር 29 ቀን 2022፣ የስዊዘርላንድ ምድር ባቡር 175ኛ ዓመት ሲከበር፣ 25 ተሳፋሪ ባቡሮች እርስ በርሳቸው ተቀጣጥለው፣ 100 ፉርጎ ያለውና ርዝመቱ 1.9 ኪሎ ሜትር የሆነ አንድ ባቡር ሆነው ከፕሬዳ በዚሁ መስመር በታች በኩል እስካለችው አልቫኖይ ተጓዙ፤ በዓለም ረጅሙ የመንገደኛ ባቡር ተብሎም ተመዘገበ። ሰባቱ ነጂዎች በዚያ ቁልቁለት ላይ ፍሬናቸውን በአንድ ልብ ማስተባበር ነበረባቸው። ወሬው ዓለምን ዞሯል፤ ለእኔ ግን ከሪከርዱ በላይ የሚገርመኝ ለዚህ መነሻ የሆነችው ይህችው ትንሽ ጣቢያ መሆኗ ነው።

መስመሩ በርኒና ከሚባለው ተጎራባች የባቡር መስመር ጋር በ2008 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ ሆኖ ተመዝግቧል፤ ቤርጉን ላይም ከ2012 ጀምሮ የባቡር ሙዚየም አለ። በዚህ ላይ ያለኝን አስተያየት ሳልደብቅ ልናገር፦ ቅርስ መሆን መስመሩን አላዳነውም። መስመሩ የሚሠራ በመሆኑ ቅርስነቱ ትርጉም አገኘ። ሐዲዱ ይለወጣል፣ ባቡሮቹ ይታደሳሉ፣ ዋሻው ይቀየራል፤ የተጠበቀው የመሐንዲሶቹ ሐሳብና የድንጋዩ ሥራ ነው።

ወደ እኛ ልመለስና ላብቃ። ከአዲስ አበባ እስከ ጅቡቲ በተዘረጋው አሮጌ መስመር ላይ ሞጆ፣ መተሐራ፣ አዋሽ፣ አፍደም፣ ኤረር የሚሉ ስሞች ሲጠሩ ከዚህ አዳራሽ የማይንቀሳቀስ ልብ የለም። አዲሱ ሰፊ ሐዲድ ሌላ ሥራ እየሠራ ነው፤ በእርሱ ላይ ቅሬታ ለማቅረብ አልመጣሁም። የምለምነው ግን አለ። እናንተ ጡረተኞች የየጣቢያውን የሰዓት ሠንጠረዥ፣ የባቡር መተላለፊያ መዝገብ፣ የቴሌግራፍ ደንብ፣ የጥገና ደብተር ቤታችሁ አስቀምጣችሁ ከሆነ አትጣሉት። ሕንፃው ፎቶግራፍ አለው፤ አሠራሩ ግን ከእናንተ እጅና አእምሮ በቀር የትም አልተጻፈም። ተማሪዎቹ ባቡሮች ኤረር ላይ እንዴት ይተላለፉ እንደ ነበር፣ ማን ለማን ያስተላልፍ እንደ ነበር ከእናንተ ሰምተው ይመዝግቡ። ከዚህ ስብሰባ በኋላ መዝገቦቹን ፎቶ የምናነሣበት ጠረጴዛ በመግቢያው በር አጠገብ ተዘጋጅቷል።

ስለ ዋሻው ውኃ አወጣጥ፣ ስለ ጠባብ ኩርባና ስለ መንኮራኩር መበላት የምትጠይቁኝ ካላችሁ፣ አሁን በደስታ እመልሳለሁ። ስላዳመጣችሁኝ ከልብ አመሰግናለሁ።