ሙዚቃውን ለመጨረሻ አናቆየው

የተከበራችሁ የማኅበራችን አባላት፣ ከሩቅም ከቅርብም የመጣችሁ እንግዶቻችን፣ እንኳን ወደ ሐዋሳ በደኅና መጣችሁ።

የሥራ ሪፖርቱን ጸሐፊያችን ስለሚያቀርቡት እኔ አልነካካውም። ጊዜዬን ለአንድ ጉዳይ ላውለው፦ ለፊልሞቻችን ማጀቢያ ሙዚቃ።

አልፍሬድ ሂችኮክ «ሳይኮ»ን ሲሠራ (እ.ኤ.አ. 1960 ላይ ለእይታ የበቃው ማለቴ ነው) ሴትዮዋ ገላዋን ስትታጠብ የምትገደልበትን ትዕይንት ያለ ሙዚቃ ሊያሳልፈው አስቦ ነበር። አቀናባሪው በርናርድ ኸርማን ግን ጽፎ አሰማው፤ ሂችኮክም ሐሳቡን ቀየረ። ኸርማን ለፊልሙ ትንፋሽ መሣሪያም ከበሮም አልፈለገም። ቫዮሊን፣ ቪዮላ፣ ቼሎና ዳብል ቤዝ ብቻ! በዚያ ትዕይንት ቢላው ገላ ሲወጋ አይታይም ማለት ይቻላል። ቫዮሊኖቹ ግን በቀጭኑ ድምፃቸው እየቆራረጡ ሲጮኹ፣ ተመልካቹ ያላየውን ያየ ይመስለዋል።

እ.ኤ.አ. በ1975 ጆን ዊሊያምስ ለ«ጆስ» ፊልም የሠራውም ይገርመኛል። ሁለት ኖታ እየተመላለሰ ሻርኩ መቅረቡን ይነግረናል። ልጆች በሐሰተኛ የሻርክ ክንፍ ዋናተኛውን ሁሉ ሲያሸብሩ ግን ሙዚቃው የለም። ዝምታውም የተቀነባበረ ነው።

እኛስ? ኤዲቲንጉ አልቆ የምረቃው ቀን ሲደርስ ኪቦርድ ያለው ልጅ እንጠራለን። እሱም ባለችው ጊዜ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ድምፅ ያነጥፍልናል። ተዋናይቷ ስታለቅስ ሙዚቃውም አብሯት ያለቅሳል፤ ለተመልካቹ የሚተርፍ ልቅሶ የለም። ጥፋቱ የልጁ አይደለም፤ ዘግይተን የምንጠራው እኛ ነን። ኤንዮ ሞሪኮኔ ለሰርጂዮ ሊዮኔ የእ.ኤ.አ. 1968 ፊልም ዋና ዋና ዜማዎቹን የጻፈው ቀረጻው ሳይጀመር ነው፤ ተዋንያኑ ሙዚቃውን እየሰሙ ነበር የሚሠሩት።

«ኦርኬስትራ አቅማችን አይደለም» የሚል እንደሚኖር አውቃለሁ። ኦርኬስትራ ለሀገራችን እንግዳ አይደለም፤ ነርሲስ ናልባንዲያን በዛሬው ብሔራዊ ቴአትር ስንቱን ሙዚቀኛ አሠልጥነዋል! ደግሞም ሰማንያ ሰው አልጠየቅሁም። ሁለት ቫዮሊን፣ አንድ ቼሎ፣ አንድ ማሲንቆ በቂ ነው፤ እውነተኛ ቀስት እውነተኛ ክር ላይ ሲሄድ የሚሰማው የእጅ ጫና ከኪቦርድ አይገኝም።

ስለዚህ ሥራ አስፈጻሚው ሁለት ሐሳብ ያቀርባል፦ ማኅበሩ በሚደግፈው ፊልም ሁሉ አቀናባሪው ከድርሰቱ ጀምሮ እንዲገባ፣ ለሙዚቃውም በጀት እንዲያዝ። ከሰዓት በኋላ አንድ ትዕይንት ሦስት ጊዜ እናሳያችኋለን፤ ያለ ሙዚቃ፣ በኪቦርድ፣ ከዚያም እዚሁ መድረክ ላይ በሚጫወቱ ሙዚቀኞች። ድምፅ የምትሰጡት ያንን ከሰማችሁ በኋላ ነው።

ጉባኤው በይፋ ተከፍቷል፤ ጸሐፊያችን ወደ መድረክ ይምጡልን።