ኢያሪኮ ስትደርሱ ከአውቶቡስ ውረዱ

የተከበራችሁ አባቶች፣ እናቶች፣ ወንድሞችና እህቶች፣ እንደምን አመሻችሁ?

በቅርቡ ለኢየሩሳሌም ጉዞ ትነሳላችሁ፤ ኢያሪኮንም ታያላችሁ። አዘጋጆቹ ስለ ቦታው ትንሽ ንገራቸው ሲሉኝ ደስ አለኝ። እኔ መጀመሪያ የሄድኩ ጊዜ የዘኬዎስን ሾላ ፎቶ አንስቼ ነው የተመለስኩት። እዚያ ማን እንደሚኖር አልጠየቅሁም። ይሄ እስካሁን ይቆጨኛል።

ከኢየሩሳሌም ስትወጡ መንገዱ ቁልቁለት ነው። ጆሯችሁ ድፍን ይላል። ኢያሪኮ ከባሕር ጠለል በታች 250 ሜትር ገደማ ላይ ናት። በስተምሥራቅ የዮርዳኖስ ወንዝ፣ በስተደቡብ ሙት ባሕር አለ። ዙሪያው ደረቅ ነው፤ መሐሉ ላይ ግን ሙዝና ቴምር ታያላችሁ። ምስጢሩ ነቢዩ ኤልሳዕ ጨው ጨመረበት የምንለው ምንጭ ነው። ያገሬው ሰው ዐይን ሱልጣን ይለዋል። አጠገቡ ያለው ጉብታ ላይ ሰው ከ10 ሺህ ዓመት በፊት ጀምሮ ኖሯል። ዩኔስኮ በ2023 በዓለም ቅርስነት መዝግቦታል፤ ዓመቶቹን ሁሉ የምነግራችሁ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው።

መግቢያው ላይ ትልቅ ቀይ ሰሌዳ አለ። በዕብራይስጥ፣ በአረብኛና በእንግሊዝኛ ተጽፏል። ለእስራኤል ዜጎች መግባት ክልክል ነው ይላል። እስራኤል ያሉ ዘመዶቻችሁ አብረዋችሁ ሊሄዱ አስበው ከሆነ ከአሁኑ ንገሯቸው።

ነገሩ የመጣው በ1994 ነው። እስራኤልና ፍልስጤማውያን ካይሮ ላይ ባደረጉት ስምምነት ጋዛና ኢያሪኮ ከሁሉ ቀድመው ለፍልስጤም አስተዳደር ተሰጡ። በሚቀጥለው ዓመት ዌስት ባንክ፣ ማለትም ከዮርዳኖስ ወንዝ በስተምዕራብ ያለው የፍልስጤም ግዛት፣ ኤ፣ ቢ እና ሲ ተብሎ ተከፈለ። ከተማዋ ኤ ናት፤ ፖሊሱም ማዘጋጃ ቤቱም ፍልስጤማዊ ነው። የዮርዳኖስ ሸለቆ አብዛኛው ክፍል ግን ሲ ነው፤ እዚያ የሚያዘው የእስራኤል ጦር ነው። ፍልስጤም ካሏት 16 አውራጃዎች አንዱ ኢያሪኮና ሸለቆዋ ነው። የአውራጃውን ገዢ ፕሬዚዳንቱ ይሾማል፤ የከተማና የመንደር ምክር ቤቶችን ሕዝቡ ይመርጣል።

ምርጫው ብቻውን ግን ቤት አያሠራም። ጅፍትሊክ የምትባል መንደር አለች። አብዛኛው መሬቷ ሲ ውስጥ ነው። እዚያ ያለ ገበሬ ልጁን ድሮ ጎጆ ሊያወጣ አንድ ክፍል ቢጨምር ፈቃድ የሚጠይቀው የመረጠውን ምክር ቤት አይደለም፤ የእስራኤልን ጦር አስተዳደር ነው። ፈቃዱ እምብዛም አይገኝም። ያለ ፈቃድ ከሠራ ዶዘር ይመጣበታል። ቤት ሠርታችሁ የምታውቁ ይሄ ምን ማለት እንደሆነ ይገባችኋል።

በ2017 ቆጠራ የአውራጃው ሕዝብ 50 ሺህ ገደማ ነበር። ብዙዎቹ በ1948ቱ የአረብና የእስራኤል ጦርነት ከቀያቸው የተፈናቀሉ ሰዎች ልጆችና የልጅ ልጆች ናቸው። ዐቅበት ጀብርና ዐይን ሱልጣን የሚባሉ የስደተኛ ካምፖች አሉ። በ1967ቱ ጦርነት ከካምፖቹ አብዛኛው ሰው እንደገና ተሰዶ ወደ ዮርዳኖስ ተሻገረ።

በሁለተኛው ጉዞዬ ከአንድ አዛውንት ቴምር ገዛሁ። «ሐበሽ?» አሉኝ፤ መነኮሳቶቻችንን ያውቃሉ። እኔም በአስተርጓሚ የትውልድ አገራቸውን ጠየቅኳቸው። የአንድ መንደር ስም ነገሩኝ። በኋላ ሲያጫውቱኝ ግን የተወለዱት ዐቅበት ጀብር ካምፕ ውስጥ ነው። የነገሩኝ የአባታቸውን መንደር ነበር። በዓይናቸው አይተውት አያውቁም።

ስለዚህ አስጎብኚውን ግማሽ ሰዓት ጨምርልን በሉት። ቴምሩን ከገበሬዎቹ እጅ ግዙ። የየት አገር ሰው ናችሁ ብላችሁም ጠይቋቸው።

በሰላም ግቡ። አመሰግናለሁ።