ቁጥር መዝጋቢ ልጆች፣ እሳት አንዳጅ ሽማግሌዎች

አዘጋጅ፦ ጤና ይስጥልን፣ የተከበራችሁ አድማጮቻችን። የዛሬው ውይይታችን በብሪታንያ የእንፋሎት ባቡር ዘመን ላይ ያተኩራል፤ በተለይም በጣቢያው መድረክ ጫፍ ቆመው የሚያልፈውን ሎኮሞቲቭ፣ ማለትም ባቡሩን የሚጎትተውን ሞተር፣ ሁሉ ቁጥር ይመዘግቡ ስለነበሩ ልጆች፣ እንዲሁም እስከ እርጅናቸው ስላልለቀቃቸው ናፍቆት እንነጋገራለን። የምንጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። ጋሼ፣ ከእርስዎ ልጀምር። አንድ ልጅ ቅዳሜውን ሙሉ በብርድ ቆሞ ቁጥር ሲጽፍ የሚውልበት ምክንያት ምን ነበር?

ተባባሪ አዘጋጅ፦ እንደምን ሰነበታችሁ፣ አድማጮቻችን። እህቴ፣ ነገሩ የሚጀምረው ቁጥሩ ብዙ ነገር ይናገር ስለነበር ነው። ጥር 1 ቀን 1948 አራቱ ታላላቅ የባቡር ኩባንያዎች ወደ መንግሥት ሲዛወሩ፣ አዲሱ የብሪታንያ ምድር ባቡር ድርጅት ከ20,000 የሚበልጡ የእንፋሎት ሎኮሞቲቮችን ተረከበ። የአራቱ ቁጥሮች እርስ በርስ እንዳይጋጩ፣ ከደቡቡ ኩባንያ በመጡት በአብዛኞቹ ላይ 30,000፣ ከለንደን ሚድላንድና ስኮቲሽ በመጡት በአብዛኞቹ ላይ 40,000፣ ከለንደንና ሰሜን ምሥራቅ በመጡት ላይ ደግሞ 60,000 ተደመረ፤ የታላቁ ምዕራብ ሎኮሞቲቮች ብቻ ነባር ቁጥራቸውን ይዘው ቀጠሉ። ስለዚህ ልጁ ቁጥሩን ገና ከሩቅ ሲያነብ፣ ሎኮሞቲቩ ከየትኛው ኩባንያ እንደመጣና ከየትኛው ዓይነት እንደሆነ ወዲያው ያውቅ ነበር።

አዘጋጅ፦ ማደሪያውንም ጭምር ያውቁ ነበር ይባላል።

ተባባሪ አዘጋጅ፦ አዎን። በሎኮሞቲቩ ፊት፣ ወደ ታች በኩል፣ የማደሪያ ዲፖውን ምልክት የያዘች ትንሽ ሞላላ የብረት ሳህን ነበረች። ለምሳሌ 34 ኤ የሚለው ምልክት በለንደን የሚገኘውን የኪንግስ ክሮስ ዲፖ ያመለክት ነበር። በዚህ ሳቢያ ከሩቅ አውራጃ ዲፖ የመጣ ሎኮሞቲቭ ባልተለመደ መስመር ላይ ሲታይ በመድረኩ ላይ ትልቅ ጩኸት ይነሣ ነበር፤ እንግዳው ዳግመኛ ላይመጣ ይችላላ!

አዘጋጅ፦ ይህን ሁሉ ለልጆቹ በመጽሐፍ ያቀረበላቸው ኢያን አለን የተባለ ወጣት እንደነበር አንብቤአለሁ። በደቡቡ ኩባንያ ውስጥ በዋተርሉ ጣቢያ ቢሮ የሚሠራ ጸሐፊ ሆኖ ሳለ፣ ስለ ሎኮሞቲቮች ለሚጠይቁ ሰዎች ደብዳቤ መመለስ ቢያሰለቸው፣ በ1942 ቁጥሮቹን በሙሉ የያዘች አነስተኛ መጽሐፍ አሳተመ።

ተባባሪ አዘጋጅ፦ ያውም በጦርነት ጊዜ፣ ወረቀት ብርቅ በነበረበት ዘመን። መጽሐፏ በፍጥነት ስላለቀች የሌሎቹን ኩባንያዎች ዝርዝር የያዙ ሌሎች ተከታተሉ። ልጁ ሎኮሞቲቩን በዓይኑ ካየ በኋላ ቁጥሩን በመጽሐፉ ላይ በመስመር ያሰምርበታል፤ ያልተሰመረበት ቁጥር ደግሞ እንቅልፍ ይነሣዋል። በእኔ አስተያየት የናፍቆቱ ሥር ያለው እዚህ ላይ ነው። ሰዎች ጭሱንና ፉጨቱን ናፈቁ ሲባል እሰማለሁ፤ እውነትም አለው። ነገር ግን ከዚያ ይልቅ የሚናፍቁት፣ አንድ ልጅ በጥቂት ሳንቲም የመድረክ መግቢያ ትኬትና በአንዲት እርሳስ ሊጨርሰው የሚችል የሚመስል ዓለም ነው። ዝርዝሩ ረጅም ቢሆንም ዳርቻ ነበረው።

አዘጋጅ፦ ይቅርታ ያድርጉልኝና፣ እዚህ ላይ ልከራከርዎት። ዳርቻው የመጣው ከሌላ አቅጣጫ ነው። በ1955 የወጣው የማዘመን ዕቅድ ባቡሩን ወደ ዲዚልና ወደ ኤሌክትሪክ ለማዛወር ወሰነ፤ ከዚያ በኋላ ልጆቹ የሚመዘግቡት ሊቆራረጥ የተዘጋጀ ብረት ነበር። በመጽሐፉ ላይ ያልተሰመረበት ቁጥር ባለቤቱ ሳይደርስበት ወደ ውራጅ ብረት ነጋዴ ይሄድ ጀመር።

ተባባሪ አዘጋጅ፦ ልክ ነሽ፤ በዚህ ረገድ የሚያሳዝነኝ ጥድፊያው ነው። በመጋቢት 1960 በስዊንደን ፋብሪካ የተጠናቀቀው «የምሽት ኮከብ» የተባለው ሎኮሞቲቭ ለብሪታንያ ምድር ባቡር የተሠራ የመጨረሻው የእንፋሎት ሎኮሞቲቭ ነበር። ዓይነቱ ከባድ የጭነት ባቡር ለመጎተት የተነደፈ ሲሆን፣ በጠቅላላው 251 ተሠርተውለት ነበር። ለአሥርተ ዓመታት ሊያገለግል የሚችል ማሽን በ1965 ከሥራ ወጣ። አምስት ዓመት ብቻ! የዚያን ውሳኔ ሒሳብ የሠራው ሰው በምን ዓይነት እርሳስ እንደሠራው አላውቅም።

አዘጋጅ፦ ሒሳቡን የሠራው ሰው ግን የሠራተኛውንም ወገን አይቶ ሊሆን ይችላል። በእንፋሎት ዘመን አንድ ወጣት ሥራ የሚጀምረው ሎኮሞቲቭ በመወልወል ነው፤ ቀጥሎ እሳት አንዳጅ ይሆናል፤ ነጂ ለመሆን ረጅም ዓመታት ይጠብቃል። ቀዝቃዛ ቦይለር እንፋሎት እንዲይዝ ከጉዞው ብዙ ሰዓት ቀድሞ፣ አብዛኛውን ጊዜ ሌሊት፣ እሳት መለኮስ አለበት። ከጉዞ በኋላ አመዱ ይጠረጋል፤ የጭስ ሳጥኑ ጥላሸት በአካፋ ይዛቃል፤ ቦይለሩም በየጊዜው ይታጠባል። ከጦርነቱ በኋላ ፋብሪካዎች የተሻለ ደመወዝና ንጹሕ ሥራ ሲያቀርቡ፣ ዲፖዎቹ ወልዋይ ልጅ ማግኘት አቃታቸው። በድሬዳዋ ምድር ባቡር የሠሩ አያቴ፣ በ1950ዎቹ የጅቡቲው መስመር ወደ ዲዚል ሲዛወር በእንፋሎቱ መሄድ ያዘነ እሳት አንዳጅ አላየሁም ይሉ ነበር። ስለዚህ ናፍቆቱ የመድረኩ እንጂ የእሳት ቤቱ አይመስለኝም።

ተባባሪ አዘጋጅ፦ አያትሽ እውነታቸውን ነው፤ ነገር ግን በከፊል። በሠራተኞቹ ዘንድም ኩራት እንደነበረ አትርሺ። ግንቦት 1 ቀን 1928 ከለንደን እስከ ኤዲንብራ 632 ኪሎ ሜትር ያለማቋረጥ የተጓዘውን ባቡር አስቢ። አንድ ነጂና አንድ አንዳጅ ያን ሁሉ መንገድ ሊችሉት ስለማይችሉ፣ በከሰልና በውኃ መያዣው ጎን ጠባብ መተላለፊያ ተሠርቶ፣ ሁለተኛው ቡድን ከተሳፋሪዎች ፉርጎ ተነሥቶ በዚያ አልፎ እየሄደ ባለ ባቡር ላይ ተተካ። ማላርድ የተባለው ሎኮሞቲቭም ሐምሌ 3 ቀን 1938 በሰዓት 203 ኪሎ ሜትር ሮጦ የእንፋሎት ባቡርን የዓለም ክብረ ወሰን ሲይዝ፣ ነጂው ጆ ዱዲንግተን፣ አንዳጁም ቶሚ ብሬይ ነበሩ። ማሽኑ በዚያ ሩጫ ተሸካሚው (ቤሪንጉ) ግሎ ጉዞውን ሳይጨርስ ቆመ፤ ክብረ ወሰኑ ግን እስከ ዛሬ አልተነካም። ዮርክ በሚገኘው ብሔራዊ የባቡር ሙዚየም ቆሞ ሳየው፣ ውበቱ ከፍጥነቱ የተነጠለ እንዳልሆነ ተረዳሁ፤ ፊቱ የተሾለው ነፋሱን እንዲሰነጥቅ ነው።

አዘጋጅ፦ ወደ ፍጻሜው እንለፍ። ነሐሴ 11 ቀን 1968 ድርጅቱ ከሊቨርፑል በማንቸስተር በኩል እስከ ካርላይል ደርሶ የሚመለስ የስንብት ባቡር አዘጋጀ። ዋጋው 15 ጊኒ (የቀድሞ የብሪታንያ የገንዘብ መለኪያ) ስለነበር ባቡሩም በዚሁ ስም ተጠራ። በእነዚያ ዘመናት ደመወዝ ሲመዘን ይህ የሠራተኛ ቤተሰብ የሚችለው ገንዘብ አልነበረም፤ በቅጥሩ ዳርና በየድልድዩ ላይ ቆሞ የተሰናበተው ሕዝብ ከተሳፈረው ይልቅ እጅግ ይበልጥ ነበር። ወዲያውም እንፋሎት ከዋናዎቹ መስመሮች ታገደ፤ ክልከላው የላላው በ1971 ነው።

ተባባሪ አዘጋጅ፦ ከዚህ በኋላ የሚመጣው ታሪክ ነው ሙግታችንን የሚፈታው። በደቡብ ዌልስ፣ ባሪ በተባለች የወደብ ከተማ፣ ዳይ ዉድሃም የተባለ የውራጅ ብረት ነጋዴ 297 ሎኮሞቲቮችን ገዝቶ ነበር። ይሁን እንጂ አሮጌ የጭነት ፉርጎዎችን መቆራረጥ ይቀልለው ስለነበር፣ ሎኮሞቲቮቹን ለኋላ እያስቀረ በባሕሩ ነፋስ ሲዝጉ ቆዩ። ያን ጊዜ ቁጥር መዝጋቢ የነበሩት ልጆች አድገው፣ ደመወዝተኛ ሆነው፣ ማኅበር እያቋቋሙና ገንዘብ እያዋጡ መምጣት ጀመሩ። ከ297ቱ 213ቱ ከመቆራረጥ ዳኑ። የመጀመሪያው በ1968 ወጣ፤ የመጨረሻው በ1990።

አዘጋጅ፦ ብዙዎቹም የነሐስ ዕቃቸው ተዘርፎ፣ ቦይለራቸው ተበሳስቶ ነው የወጡት።

ተባባሪ አዘጋጅ፦ አዎን፤ አንዱን ለማደስ ብዙ ዓመታት ይፈጃል። በ1951 በዌልስ የታሊስሊን ባቡር በበጎ ፈቃደኞች እጅ ከመዘጋት ከዳነ በኋላ፣ እንዲህ ያሉ መስመሮች በየአውራጃው ተበራከቱ። እናም ያ አያትሽ ማንም አላዘነለትም ያሉት ሥራ፣ አመዱን መጥረግ፣ ከሰሉን በአካፋ መዛቅ፣ ሌሊት ተነሥቶ እሳት መለኮስ፣ ዛሬ ጡረተኛ መምህራንና ሐኪሞች ያለ ክፍያ የሚሠሩት ሆነ። ከዚያም አልፈው፣ ኤ 1 ከተባለው የሎኮሞቲቭ ዓይነት 49ኙ በሙሉ ተቆራርጠው አንድም ስላልቀረ፣ ከየደመወዛቸው በየወሩ እየከፈሉ ቶርኔዶ የተባለ አዲስ የእንፋሎት ሎኮሞቲቭ ሠርተው በ2008 አስነሡ። ቁጥሩንም 60163 አሉት፤ በዝርዝሩ ላይ ከመጨረሻው ቀጥሎ የሚመጣውን። ቦይለሩን የሠራላቸው ግን በጀርመን የሚገኝ ፋብሪካ ነበር፤ በብሪታንያ ያን ዕውቀት የያዘ ፋብሪካ አልቀረላቸውም ነበርና።

አዘጋጅ፦ የእኔን ጥያቄ ግን አልዘጉትም። መምህሩ ደክሞት ሲተው ቤቱ ይሄዳል፤ የዚያ ዘመን አንዳጅ ግን ቢተው ልጆቹ ጦም ያድራሉ። ሁለቱ አካፋ ይመሳሰላሉ እንጂ አንድ አይደሉም።

ተባባሪ አዘጋጅ፦ አንድ አይደሉም፤ እቀበላለሁ። ቢሆንም ያ ዕውቀት ከነጭራሹ ቢጠፋ አንዳጁ ምን እንዳደረገ እንኳ የሚያስረዳን ሰው አይኖርም። ወደ እኛ ቀጣና ስንመጣም በ1990ዎቹ የምጽዋ–አስመራው መስመር ሲታደስ፣ ጡረታ የወጡት አዛውንት ሠራተኞች ተጠርተው ነው በጣሊያን ዘመን የተሠሩትን ሎኮሞቲቮች ዳግመኛ ያስነሡት። ከአውሮፓም ብዙ የእንፋሎት አፍቃሪ ገንዘቡን ከፍሎ ያን ተራራ ለመውጣት መጥቷል።

አዘጋጅ፦ አሁን የቀረው ፈተና ከሰሉ ነው። በዌልስ ፎስ-ኢ-ፍራን የተባለው ማዕድን በ2023 መጨረሻ ከተዘጋ ወዲህ፣ ከሰል ያመነጨችው አገር ባቡሮች ከባሕር ማዶ በሚመጣ ከሰል ይነዳሉ።

ተባባሪ አዘጋጅ፦ ዋጋውም በዚያው ልክ ወጥቷል። አንዳንዶቹ መስመሮች ከከሰል ዱቄትና ከሌላ ተረፈ ምርት የሚጋገር ማገዶ እየሞከሩ ነው፤ እሳቱ ግን እንደ ቀድሞው ስለማይነድ፣ አንዳጆቹ የአካፋ አጣጣላቸውን እንደ አዲስ መማር አለባቸው።